የተቆረጡት ዘጠኝ ደቂቃዎች

ፈታኟ በቀን ሰባት ሰው ትፈትናለች። የምትፈትነው ከቤቷ ነው፤ ከአባቷ ጋር በምትኖርበት ሦስተኛ ፎቅ፣ የመጨረሻዋ ክፍል ውስጥ፣ የልብስ ቁም ሣጥኑ በካሜራ እንዳይታይ ነጭ አንሶላ ጋርዳ፣ ከጀርባዋ ትራስ ደልድላ። ትራሱ ለወገቧ ነው። ወገቧ ካስቸገራት ሰነባብቷል፤ ዓይኗም እንዲሁ። ጉሮሮዋ ግን ከሁሉም ብሷል። አርባ ደቂቃ ታወራለች፣ አሥር ደቂቃ ታርፋለች፣ ደግሞ አርባ ደቂቃ። በእረፍቷ ከፔርሙዝ ሙቅ ውሃ ቀድታ መስኮቱ ጋ ቆማ ትጠጣለች። ከመስኮቱ የሚታየው የጎረቤት ሕንፃ ጣሪያና የውሃ ታንከር ብቻ ነው፤ እሷ ግን ከኮምፒውተሩ ይሻላል ብላ እሱኑ ታያለች።

ቀጣሪዋ በኢንተርኔት ላይ ያለ ገበያ ነው። የሚያገናኘው ሥራ የሚፈልጉ ፕሮግራመሮችንና ፕሮግራመር የሚፈልጉ ድርጅቶችን ነው። አንድ ሆስፒታል የቀጠሮ መመዝገቢያ ቢፈልግ፣ አንድ የጭነት ድርጅት መኪኖቹ የት እንደደረሱ ማየት ቢያምረው ለገበያው ይጽፋል፤ ገበያውም «በሁለት ቀን ውስጥ የተፈተነ ባለሙያ እናቀርባለን» ብሎ ይመልሳል። «የተፈተነ» የምትለዋ ቃል ሙሉ ሸክሟ ያረፈው እንደ እሷ ባሉ አሥራ አንድ ሰዎች ጫንቃ ላይ ነው።

ፈተናው ሁሌም አንድ ዓይነት ነው። መጀመሪያ «እስቲ ስለ ራስህ ንገረኝ» ትላለች፤ ተፈታኙም «ችግር መፍታት እወዳለሁ» ይላል። በቀን ቢያንስ አራቱ ይህንኑ ይላሉ። አንድ ቀን ለአባቷ «አባዬ፣ ችግር መፍጠር የሚወድ ሰው ናፈቀኝ» ብላው ስቋል። ከዚያ ሃያ አምስት ደቂቃ ኮድ የሚጻፍበት ጥያቄ ይመጣል፤ ጥያቄዎቹ ስድስት ብቻ ናቸው፣ በየተራ ይዞራሉ። በመጨረሻ እሷ ቅጽ ትሞላለች፤ እውቀት፣ ፍጥነት፣ መግባባት፣ ታማኝነት። ከሥሩ ለተፈታኙም የሚላክ አንድ መስመር አስተያየት። አለቀ። የሚቀጥለው ይግባ።

ተፈታኞቹ እርስ በርስ በሚጻጻፉበት ቡድን ውስጥ ቅጽል ስም አውጥተውላታል፤ «ወንፊት» ይሏታል። ከአሥር ሰው ሰባቱን ገለባ አድርጋ ታስቀራለች ለማለት ነው። ስሙን ስትሰማ አልከፋትም። እሷም ስምንት ዓመት ፕሮግራም ስትጽፍ ኖራ፣ ከአንዱ ኮንትራት ወደ ሌላው መንጠላጠሉ ሲያንገሸግሻት ነው ወደ ፈታኝነቱ የገባችው። አሁን ሦስት ዓመት ሆናት። በሦስት ዓመት ውስጥ የራሷ የምትለው አንድ መስመር ኮድ አልጻፈችም፤ የሰው ጣት ስታይ ትውላለች። ጎረቤቶች «በዘራችሁ ነው» ይላሉ፤ አባቷ ጡረታ እስኪወጣ ድረስ የመንጃ ፈቃድ ፈታኝ ነበርና።

ነገሩ የሆነው ማክሰኞ ነው። አራተኛው ተፈታኝ ሠላሳ ያልሞላው፣ ፀጉሩን በደንብ የተቆረጠ፣ ፈገግታ የማይለየው ወጣት ነበር። ተራው የወንበር ጥያቄ ላይ ደርሷል፤ ሁለት ሰዎች በአንድ ቅጽበት የአንድ አውቶቡስ አንድ ወንበር ሊገዙ ስልካቸውን ይጫናሉ፤ ወንበሩ ሁለት ጊዜ እንዳይሸጥ ምን ይደረጋል? ልጁ አሰበ፣ ዓይኑ ወደ ካሜራው ግራ ሄደ፣ ተመለሰ፣ ከዚያ ጣቶቹ መምታት ጀመሩ። ኮዱ ያምራል። ፈታኟ ከሦስት ሳምንት ወዲህ እንዲህ ያለ ንጹሕ ኮድ አላየችም። ግን ልጁ ከእያንዳንዱ መስመር በፊት ዓይኑ ወደዚያው ግራ ይሄዳል።

እሷ አታላዮችን ጠግባለች። የጆሮ ማዳመጫ ሸሽጎ የሚመጣ አለ፤ ስልኩን ከኮምፒውተሩ ሥር ለጥፎ የሚያነብ አለ፤ አንዱማ ፊቱን ብቻ አቅርቦ ከጠረጴዛው በታች ኮዱን በጓደኛው እጅ ሲያስመታ ነበር። ስለዚህ ሳትቆጣ፣ እንዲያው በደከመ ድምፅ «ለምን በዚህ መንገድ ሠራኸው?» ብላ ጠየቀች።

ልጁ ዓይኑን እንደገና ወደ ግራ ላከ። ፈገግታው ደረቀ። ከጎኑ ወንበር ሲንቀጫቀጭ ተሰማ፤ ከዚያም የሴት ሹክሹክታ፤ «ከመሸጡ በፊት ይቆልፈዋል በላት። አንዱ ሲይዘው ሌላው ይጠብቃል።»

«ከመሸጡ በፊት ይቆልፈዋል፤ አንዱ ሲይዘው…» ብሎ ጀመረና ፊቱ ቀላ።

«ከጎንህ ማን አለ?»

«ማንም… እህቴ ናት።»

«እሷ ምን ትሠራለች?»

ልጁ ሳይመልስ አንዲት ሴት ጎንበስ ብላ ወደ ካሜራው ገባች። ሠላሳ አምስት ብትሆን ነው፤ ፊቷ ከስቷል። «እሱ ምንም አያውቅም። ያስገባሁት እኔ ነኝ» አለች።

«አለማወቁንስ አይቻለሁ» አለች ፈታኟ።

«እርስዎ ደግሞ እኔን ያውቁኛል። ከሁለት ዓመት በፊት ጥለውኛል።» እጇ ሲመጣ ታየ፤ ከዚያ ኮምፒውተሩ ተከደነ፤ ስክሪኑ ጠቆረ።

ፈታኟ ቅጹን ሞላች። ለእንዲህ ዓይነቱ ነገር ቀይ ሣጥን አለ፤ «ማታለል» ይላል፤ እሱ ምልክት ከተደረገበት ተፈታኙ ለዕድሜ ልኩ ይታገዳል። ምልክት አደረገች። እጇ ለምዶታል፤ በወር ሦስት አራቴ ታደርገዋለች። ካደረገችው በኋላ ነው ሴትዮዋ ያለችው ነገር እንደ ዓሣ አጥንት ጉሮሮዋ ውስጥ የቀረው።

የምሳ ሰዓቷ ነበር። ዳቦዋን እየቆረሰች በልጁ አባት ስም መዝገቡን ፈለገች። ተገኘች። የዛሬ ሁለት ዓመት ከሁለት ወር። ውጤት፦ አላለፈችም። አስተያየት፦ «ዝምታ ታበዛለች፤ ከደንበኛ ጋር መግባባት ትቸገራለች።» የጻፈችው እሷ ናት፤ ፈጽሞ ግን አላስታወሰችውም። ገበያው የፈተናዎቹን ቪዲዮ ያስቀምጣልና ከፍታ አየችው።

ያኔም ያው የወንበር ጥያቄ ነበር። ሴትዮዋ ከወጥ ቤት ጠረጴዛ ላይ ተቀምጣለች፤ ከጀርባዋ የታጠቡ ሳህኖች ተደርድረዋል። ጥያቄውን አንብባ ስታበቃ ዝም አለች። አንድ ደቂቃ፣ ሁለት ደቂቃ። በስክሪኑ ጥግ ባለችው ትንሽ መስኮት ውስጥ ፈታኟ ራሷን አየች፤ እያዛጋች ነው፣ ዓይኗ ስልኳ ላይ ነው። «አለሽ?» ትላለች። «እያሰብኩ ነው» ትላለች ሴትዮዋ። ሕፃን ያለቅሳል። ሴትዮዋ ይቅርታ ጠይቃ ትነሣለች፣ ሕፃኑን ታቅፋ ትመለሳለች፣ በአንድ እጇ መጻፍ ትጀምራለች። ቀስ ብላ ትጽፋለች፤ ግን የምትጽፈው ትክክል ነው። መቆለፊያውን አበጅታለች፤ የቀራት ሁለት መስመር ቢሆን ነው። እዚያ ላይ ስትደርስ የፈታኟ ድምፅ ይሰማል፤ «እሺ፣ ሰዓታችን አልቋል፤ አመሰግናለሁ።»

ፈታኟ ቪዲዮውን አቆመችና ሰዓቱን አየች። አሥራ ስድስት ደቂቃ። ሰዓቱ አላለቀም፤ ዘጠኝ ደቂቃ ይቀር ነበር። ወደ ኋላ መልሳ ደግማ ቆጠረች። ያው ነው። ቀኑን ስታየው ትዝ አላት፤ አባቷን ዓይን ሐኪም ቤት ማድረስ ነበረባት፤ ስልኳ ላይ ስታፈጥ የነበረውም ታክሲው የት እንደደረሰ ለማየት ነው።

ዳቦውን ትታ ወደ ሳሎን ወጣች። አባቷ ሬዲዮ ከፍቶ፣ አንዱን ዓይኑን ጨፍኖ ተቀምጧል።

«አባዬ፣ ስትፈትን ከሰዓቱ በፊት ሰው አውርደህ ታውቃለህ?»

«ከመኪናው? ስንቱን!»

«ሳያጠፋ?»

ሬዲዮውን ቀነሰው። እንዲህ ያለ ጥያቄ በቀልድ እንደማትጠይቅ ያውቃል። «አንድ ቀን ጥርሴን አሞኝ ነበር» አለ። «አንዱን ሹፌር ገና መሪ ሳይዝ ወድቀሃል ብዬ አወረድኩት። ሌላዋ ደግሞ ሴት ናት፤ እሷን ለምን እንደጣልኳት ዛሬም አላውቅም። የጣልኩትን ሁሉ ባስታውስ ኖሮ እንቅልፍ የሚባል ነገር አላይም ነበር።»

«ታዲያ አታስታውስም?»

«ሁለቱን ብቻ» አለ አባቷ፤ ሬዲዮውንም መልሶ ከፍ አደረገው።

ከሰዓት በኋላ የቀሩትን ሦስቱን ፈተነች። ሥራው ሲያልቅ አስተባባሪዋ ጋ ደውላ የሆነውን ነገረችው። አስተባባሪው ክፉ ሰው አይደለም፤ እሱም የደከመ ሰው ነው፤ ሲያወራ ሌላ ነገር ሲጽፍ ይሰማል።

«ልጁን አግደሽዋል አይደል? ጎበዝ። እሷም ከፈለገች ትመዝገብ፤ ከወደቀች ዓመት አልፏታል፣ ማን ከለከላት?»

«ዘጠኝ ደቂቃ ቀምቻታለሁ።»

«እኔ ካንቺ ስንት ሰዓት ቀምቻለሁ! ቅሬታ አቀረብሽ?»

«እየቀለድኩ አይደለም። ውጤቷ ስህተት ነው። በጽሑፍ ላስገባ ነው።»

መጻፉን አቆመ። «ስሚኝ እህቴ። በጽሑፍ ካስገባሽ የጥራት ክፍሎቹ የአንድ ሰው ፈተና አይተው አይመለሱም። ያንቺን ሁሉ ያገላብጡታል። በዚያ ወር ስንት ሰው ፈትነሽ ነበር? መቶ ሠላሳ! ሳይቃጠል በቅጠል ነው። ሴትዮዋን በደግ ቃል ጥሪያት፣ ትፈተን፣ ትለፍ፤ ነገሩ ይለቅ።»

«ጠርቼ ምን ልበላት? ተሳስቼ ነበር ሳልል?»

«ማለቱን ትያታለሽ፤ መጻፉ ነው የማይበጀው።»

እሷ ግን ጻፈች። ጀግንነት ተሰምቷት አይደለም፤ እንዲያውም የተሰማት ነገር ቢኖር ድካም ነው። አሥር መስመር የማይሞላ ማስታወሻ ነው፤ ቀኑን፣ ደቂቃውን፣ የተቋረጠበትን ቦታ ጻፈችና ላከችው። ከዚያ ወንበሩ ላይ እንዳለች ጫማዋን አወለቀች።

አስተባባሪው እንዳለው ሆነ። የጥራት ክፍሎቹ ከፈተናዎቿ ሠላሳውን አውጥተው ተመለከቱ። በአራቱ ላይ ጉድለት አገኙ፤ አንዱን አጣድፋዋለች፣ አንዱን ጥያቄውን አሳስታ ነግራዋለች፣ ሁለቱን ያለ ሰዓታቸው ሸኝታለች። ለሁለት ወር ከፈተና ተነሥታ ደንበኞችን ወደሚያነጋግረው ክፍል እንድትዛወር ተወሰነ። ሥራው «የደንበኛ ድጋፍ» ይባላል፤ ሠራተኞቹ እርስ በርስ «ማስታመም» ይሉታል። ደንበኛ ሲደውል ታዳምጣለች፣ ታባብላለች፣ የተቆጣውን ታበርዳለች። «ከወንፊትነት ወደ አስታማሚነት» አሉ የሥራ ባልደረቦቿ፤ እሷም ሳቀች፤ ሌላ ምን ታደርጋለች?

ለሴትዮዋ እንድትደውል ተፈቀደላት። ደወለች። ስልኩ ሲነሣ ከዚያ ወገን ማንም አልተናገረም።

«እኔ ያን ጊዜ የፈተንኩሽ ነኝ» አለች። «ሰዓትሽ ሳያልቅ አቋርጬሻለሁ። ዘጠኝ ደቂቃ ይቀርሽ ነበር። ይቅርታ ልጠይቅሽ ነው የደወልኩት።»

ዝም። ፈታኟ «አለሽ?» ልትል አፏ ላይ ደርሶ ዋጠችው። ጠበቀች። በስልኩ ውስጥ ከርቀት የመኪና ጥሩንባ ይሰማል።

«ዘጠኝ ደቂቃ መሆኑን አላወቅኩም ነበር» አለች ሴትዮዋ በመጨረሻ። «የዘገየሁ መስሎኝ ነበር። ሁለት ዓመት ሙሉ፣ ሕፃኑን ባላነሣው ኖሮ እያልኩ…»

«ለምን ተመልሰሽ አልተፈተንሽም?»

«ዝምታ ታበዛለች ብለው ጻፉ። ልክ ነዎት፤ አበዛለሁ። ሰው እያየኝ አፌ ይታሰራል። ወንድሜ ደግሞ ከጠዋት እስከ ማታ ቢያወራ አይደክመውም። የመጋዘን ሠራተኛ ነው፤ ካርቶን ነው የሚያነሣው። አንተ አፍ ሁን፣ እኔ እጅ ልሁን አልኩት።» ትንሽ ቆይታ «ሥራው የአፍ ነው እንዴ?» አለች። ቁጣ የለበትም፤ የምር ጥያቄ ነው።

«አይደለም» አለች ፈታኟ። «ግን አፍም ይፈልጉበታል።»

«ዝም አይነቅዝም ይባል የለ?»

«ይባላል። ደንበኞች ግን አልሰሙትም።»

ሴትዮዋ በአፍንጫዋ ሳቅ የሚመስል ነገር አሰማች። ከዚያ የወንድሟን እገዳ እንዲያነሡለት ጠየቀች፤ እሱ ከተነሣለት እፈተናለሁ አለች። ፈታኟ እገዳው እንደማይነሣ፣ ቃል ብትገባላትም ውሸት እንደሚሆን ነገረቻት። ሴትዮዋ «እሺ» ብላ ዘጋች። ፈታኟ በዚሁ ያለቀ መስሏት ነበር። ከሦስት ሳምንት በኋላ ግን ሴትዮዋ ሌላ ፈታኝ ጋ ቀርባ ተፈተነች፤ በሌላ ጥያቄ፣ ሃያ አምስቱን ደቂቃ ሙሉ። አለፈች። በአምስተኛው ቀን አንድ የመኪና መለዋወጫ አስመጪ ድርጅት የዕቃ ቤቱን ፕሮግራም እንድትጠግንለት መረጣትና ሥራ ጀመረች።

እዚህ ላይ ቢያበቃ ጥሩ ነበር። ግን በሁለተኛው ሳምንት የዚያ ድርጅት ሥራ አስኪያጅ ደወለ፤ ስልኩን ያነሣችው ደግሞ ፈታኟ ራሷ ናት።

«ያመጣችሁልኝ ሴትዮ አትናገርም!» አለ። «ስብሰባ ላይ አምስት ሰው ቁጭ ብለን እናያታለን፤ እሷም ታየናለች። ይቺ ልጅ ገብቷታል አልገባትም? ለውጡልኝ!»

ፈታኟ ዓይኖቿን ጨፈነች። የዛሬ ሁለት ዓመት የጻፈችው መስመር ውሸት አልነበረም ማለት ነው። ያ ነገር ከዘጠኙ ደቂቃ ይልቅ አደከማት።

«ሥራውስ እንዴት ነው?» አለች።

«ሥራውማ… የዕቃ ቆጠራው ሦስት ቀን ይፈጅ ነበር፤ አሁን በግማሽ ቀን ያልቃል። እሱን አይደለም የምልሽ።»

«ገብቶኛል። እስቲ አንድ ሳምንት ይታገሡኝ። የሚፈልጉትን ከስብሰባው በፊት በጽሑፍ ይላኩላት። መልሷንም በጽሑፍ ትስጥዎት። ስብሰባው ላይ አይጠይቋት።»

«እኔ ሰው ነው የቀጠርኩት፣ ፖስታ ቤት አይደለም።»

«አንድ ሳምንት ብቻ። ካልሆነ እኔ ራሴ እለውጥልዎታለሁ።»

እያጉረመረመ ተስማማ። ከሳምንት በኋላ አልደወለም፤ በዚያ ሥራ አለመደወል ማለት ምስጋና ነው። ሴትዮዋ ሥራውን ለአራት ወር ሠርታ ጨረሰች። ድርጅቱ አላራዘመላትም፤ አስተያየት መስጫው ላይ ግን «ሥራዋ በጣም ጥሩ፤ በጽሑፍ ጠይቋት» ብሎ ጻፈላት። በዚያ መስመር የተነሣ አንድ ከሩቅ የሚያሠራ፣ ስብሰባ የማይወድ ድርጅት ወሰዳት። እዚያ ምን እንደገጠማት ፈታኟ አልሰማችም።

ሁለቱ ወር ሲያልቅ ፈታኟ ወደ ፈተናዋ ተመለሰች። ከመመለሷ በፊት በቀን ሰባት ሰው ይበዛብኛል፣ አምስት ይሁንልኝ ብላ አመለከተች። ስድስት ተፈቀደላት። አስተባባሪው «ይህቺን ለማግኘት ስንት ሰው እንደለመንኩ ብታውቂ» አላት፤ እውነቱን ሊሆን ይችላል። አሁን በምሳ ሰዓቷ ጋደም የምትልበት ሃያ ደቂቃ አላት። አንዳንድ ቀን እንቅልፍ ይወስዳታል፣ አንዳንድ ቀን የሰው ኮድ ዓይኗ ላይ እየሄደ አላስተኛም ይላታል። ወገቧ እንደነበረው ነው።

አንድ ረፋድ በሦስተኛውና በአራተኛው ተፈታኝ መካከል፣ መስኮቱ ጋ ቆማ ሳለች፣ ስልኳ ጮኸ። የማታውቀው ቁጥር ነው።

«እኔ ነኝ» አለ የወንድ ድምፅ። ከጀርባው ሰዎች ይጯጯሃሉ፤ የዕቃ ማንሻ ጋሪ ይንቋቋል። «ያ ያኔ ያገዱኝ። የእህቴ ወንድም።»

«አወቅኩህ።»

«ቁጥርዎን ከእህቴ ስልክ ላይ ነው የወሰድኩት፣ አይቀየሙኝ። አንድ ነገር ልጠይቅዎት ነው። ዕድሜ ልክ የተባለው… እውነት ዕድሜ ልክ ነው?»

«ፕሮግራም መማር ጀመርክ እንዴ?»

«ኧረ እኔ! እንዲያው ነው፤ ሰው ዕድሜ ልኩን ከታገደ ማወቅ አለበት ብዬ ነው።»

«ዕድሜ ልክ ነው» አለች ፈታኟ። «ሣጥኑ ላይ ምልክት ያደረግኩት እኔ ነኝ። ባነሣልህ ደስ ይለኝ ነበር፤ አልችልም።»

«እሺ» አለ፤ ድምፁ አልከፋም፤ ወይም ካርቶን ተሸክሞ ስለሚያወራ መክፋቱ አልታወቀም። «እህቴ ሰላም በልልኝ ብላለች።»

«እውነት?»

«አላለችም። እሷ መቼ ሰላም ብላ ታውቃለች? እኔ ነኝ ያልኩት።»

ፈታኟ ሳቀች፤ ጉሮሮዋ እስኪያሳክካት ድረስ። ከዚያ ወገን አንድ ሰው ልጁን በቁጣ ጠራው፤ «መጣሁ!» አለና ስልኩ ተዘጋ። ውሃዋ በርዷል። አራተኛዋ ተፈታኝ ገብታ እየጠበቀች ነበር፤ ፈታኟ ትራሱን አስተካክላ ተቀመጠችና ካሜራውን ከፈተች።